ወንድሜ የተጠየቀ ዕለት

እኔና ወንድሜ የመንግሥት ልጆች ነበርን። እናትና አባታችን በአንድ ክረምት ተከታትለው ሲሞቱ፣ የአባታችን ባልንጀራ፣ ዳሪሙ ከተማ አጠገብ ካለው መንደራችን በበቅሎ አፈናጦ መቱ አመጣንና ለሕፃናት ማሳደጊያው አስረከበን። እኔ ያኔ ነፍስ አውቄያለሁ። ወንድሜ ግን ገና አፍንጫውን በእጅጌው የሚጠርግ ትንሽ ልጅ ስለነበረ፣ ከዚያ በፊት የነበረንን ኑሮ የሚያውቀው እኔ ስተርክለት ብቻ ነው። ስተርክለትም እየጨመርኩ ነበር፤ አባታችንን ከቁመቱ በላይ አስረዘምኩት፣ ላማችንንም ከወተቷ በላይ አሳለብኳት።

ማሳደጊያ ውስጥ ማደጌን የሚሰማ ሰው ሁሉ ከንፈሩን ይመጥልኛል። እኔ ግን ያንን ቤት ሳስብ ቀድሞ የሚመጣብኝ ሳቅ ነው። ከመቱ ወደ ሶር ወንዝ በሚወስደው መንገድ ዳር የተሠራ ረጅም የቆርቆሮ ቤት ነበር። በአንዱ ጫፍ ሴቶች፣ በሌላው ጫፍ ወንዶች እንተኛለን፤ መካከሉ የምግብ አዳራሽ ነው። የመቱ ዝናብ አንዴ ከጀመረ ማቆም አያውቅም። ቆርቆሮው ላይ ሲወርድ ደግሞ አንዱ የሌላውን ድምፅ ስለማይሰማ፣ የማዕድ ጸሎት የምናደርሰው በጩኸት ነበር። እኛ "አቡነ ዘበሰማያት" ብለን ስንጮህ ከአጥሩ ጀርባ ዛፍ ላይ የተቀመጡት ጉሬዛዎች ደንግጠው ይዘላሉ። ጸሎቱን ትተን እንስቃለን፤ እትዬ የምንላቸው ሞግዚታችንም እየተቆጡ አብረውን ይስቃሉ።

ምግባችን ብዙውን ጊዜ የጎደሬ ቅቅልና የበቆሎ ቂጣ ነው፤ በዓል ሲሆን ማር ይጨመርበታል። ሁላችንም አንድ ዓይነት ካኪ እንለብሳለን። በማዕድና በትምህርት ቤት አማርኛ እንናገራለን፤ ጨዋታና ጥል ግን በኦሮምኛ ነው።

ከሁላችን ትልቋ ከቡሬ በኩል የመጣች ልጅ ነበረች። እታለም እንላታለን። ቀጭንና ረጅም፣ ፍንጭት፣ አፏ እንደ ምላጭ የሚቆርጥ ልጅ ነበረች። ከትምህርት ቤት ስንመለስ መንገዳችን በፍርድ ቤቱ ደጅ ያልፋል። በዚያን ጊዜ ሙግት መስማት ለመቱ ሰው ትልቅ ጨዋታ ስለነበረ ግቢው ተመልካች አያጣም። እታለም እዚያ ስትደርስ እግሯ ይታሰራል። ባለጉዳዮቹ ነጠላቸውን አሸርጠው፣ ጣታቸውን ወደ ዳኛው እየቀሰሩ በምሳሌና በግጥም ሲሟገቱ አፏን ከፍታ ትሰማለች። እኛ እጇን እየጎተትን "እራት ሊያመልጠን ነው" እንላታለን። እሷም "ቆዩ፣ ተከሳሹ ገና መልስ አልሰጠም" ትለናለች።

ቅዳሜ ቅዳሜ ልብሳችንን ለማጠብ ወደ ሶር እንወርዳለን። ልብሱ ሣር ላይ እስኪደርቅ ድረስ እታለም ችሎት ትከፍታለች። ሳሙናዬን ወሰደች፣ ገፍትሮ ውኃ ውስጥ ጣለኝ፣ በስሜ ቀለደ የሚለው ነገር ሁሉ እዚያ ይታያል። አንድ ቀን ወንድሜ የሌላ ልጅ ሸንኮራ በልቷል ተብሎ ተከሰሰ። ማስረጃ ጠፋ እንዳይባል የታኘከው ግልፋፊ ኪሱ ውስጥ ተገኝቷል። እኔ አልቅሼ ልሞት ነው። እታለም የዳኝነቱን ድንጋይ ለሌላ ልጅ ለቃ ጠበቃ ሆና ቆመችና ከሳሹን ጠየቀችው።

"ሸንኮራውን ከየት አመጣኸው?"

ልጁ ዓይኑን ወደ ወንዙ አዞረ።

"ከጋሼ ጓሮ አይደለም? እንግዲያው ባለንብረቱ ጋሼ ናቸው። ክሱን እሳቸው ዘንድ ወስደን እንጀምረው?"

ከሳሹ ክሱን ወዲያውኑ አነሣ። ወንድሜም ከዚያ ቀን ጀምሮ እታለምን እንደ ታቦት ያያት ጀመር።

ጋሼ የምንላቸው የማሳደጊያው አስተዳዳሪ ናቸው። ድሮ አስተማሪ የነበሩ፣ ጃንጥላቸውን ከእጃቸው የማይለዩ፣ ሥርዓት ወዳድ ሰው ነበሩ። እንፈራቸዋለን። ግን ልጅ በታመመ ጊዜ የራሳቸውን ካፖርት አልብሰው፣ ታቅፈው ሐኪም ቤት የሚወስዱት እሳቸው ስለነበሩ ክፉ ናቸው ብለን አስበን አናውቅም።

እኒሁ ሰው በአንድ የነሐሴ ቀን ምሳ በልተን ሳንነሣ ከመቀመጫቸው ተነሡና፣ ዝናቡ ጋብ እስኪል ጠብቀው እንዲህ አሉ፦

"ከአዲሱ ዓመት ጀምሮ ወንዶቹ ወደ ጎሬ ትዛወራላችሁ። እዚያ ሰፊ ቤት ተሠርቶላችኋል። ይኼ የሴቶች ቤት ይሆናል።"

ከወንዶቹ አንዳንዶቹ በደስታ ጠረጴዛውን ደበደቡት። ጎሬ ኮረብታ ላይ ያለች፣ ትልልቅ ሹሞችና ትልልቅ ነጋዴዎች ያሉባት ከተማ ናት፤ ለእኛ የዓለም ጫፍ ነበረች። እኔ የማየው ወንድሜን ብቻ ነው። እሱም ዓይኑን አፍጥጦ ያየኛል። በጭንቀት ነው ብዬ ገመትኩ። ከእናቴ ሞት በኋላ የቀረኝ ሰው እሱ ነበር። ሲተኛ ጆሮዬን ይዞ ካልሆነ እንቅልፍ የማይወስደው ልጅ ነበር፤ ወንዶቹ ወዳሉበት ክፍል ሲዛወር እንኳ እትዬ ስንት ቀን አባብለውታል።

እየሮጥኩ እታለም ጋ ሄድኩ። ልብስ ታጣጥፍ ነበር።

"ወንድሜን ሊወስዱብኝ ነው" አልኳት።

"ማንን ጠየቁ?"

"ማንንም አልጠየቁም።"

ልብሱን አስቀመጠችው። "እንግዲያው ነገር አለ" አለች።

መጀመሪያ የሄድነው ወደ ጋሼ ነው። እታለም "ቅርብ ያለውን ዳኛ ዘሎ ይግባኝ የሚል ሰው ይሸነፋል" ስላለችኝ ነው። ቢሮአቸው በር ላይ ቆመን እጅ ነሣን።

"ጋሼ፣ ወንድምና እህት የሆኑት እንዳይለያዩ ልንለምንዎ ነው የመጣነው" አለች።

"ለእናንተው ነው የማስበው" አሉ ጋሼ። "እዚያ ያለው ቤት ይሻላል፤ ትምህርቱም ይሻላል። ሕፃን የሚበጀውን አያውቅም።"

"አያውቅ ይሆናል ጋሼ። ግን የሚናፍቀውን ያውቃል።"

"ጎሬ ሩቅ አገር አይደለም።"

"ለመኪና አይደለም፣ ጋሼ። ለእግራችን ነው።"

ጋሼ መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጉት። ከዚያ "ነገሩ ያለቀ ነው፤ ሂዱና ሥራችሁን ሥሩ" አሉን። ድምፃቸው ግን የቁጣ አልነበረም። እኔ እያለቀስኩ ወጣሁ። እታለም ፊቷ ላይ ምንም አይታይም ነበር፤ የምታስብበት ፊቷ እሱ ነበር።

ብዙ ሳይቆይ ከጎሬ ማሳደጊያዎቹን የሚቆጣጠሩ ትልቅ ሹም ሊጎበኙን እንደሚመጡ ተነገረን። ግቢው ተጠረገ፣ አጥሩ ታደሰ፣ የሁላችንም ጥፍር ተቆረጠ። በተባለው ቀን ሹሙ በጂፕ መጡ። ወፈር ያሉ፣ ሲራመዱ እጃቸውን ወደ ኋላ የሚያጣምሩ ሽማግሌ ነበሩ። አልጋችንን አዩ፤ ምሳችንን ቀመሱ። የተለማመድነውን መዝሙር ዘመርንላቸው። እታለም ከሁላችን በላይ ጮክ ብላ ስትዘምር አይቼ ነገሩን ረስታዋለች ብዬ ተስፋ ቆረጥኩ።

ሹሙ ጋሼን አመስግነው ወደ ጂፑ አመሩ። አንድ እግራቸውን እንዳነሡ ከሰልፋችን መካከል ድምፅ ተሰማ።

"በሕግ አምላክ!"

በዚያን ዘመን ይኼ ቃል ሲነገር የሚሮጥ ይቆማል፣ የተነሣ ዱላም ይወርዳል። ትልቅ ሰው በገበያና በመንገድ ሲለው ሰምተናል፤ ካኪ የለበሰች ልጅ ለሹም ስትለው ግን አይተን አናውቅም። ሹሙ እግራቸውን መልሰው መሬት ላይ አኖሩ። ሾፌሩ ሞተሩን አጠፋ። የጋሼ ፊት አመድ መሰለ።

"ማን ነው ያለው?" አሉ ሹሙ ዞር ብለው።

እታለም ከሰልፉ ወጣች። ነጠላ ስላልነበራት ሻሿን ፈትታ ወገቧ ላይ አሸርጣዋለች። "እኔ ነኝ፣ ጌታዬ። አቤት የምንለው ነገር አለ።"

ሹሙ ከላይ እስከ ታች አዩዋት። ከዚያ ከንፈራቸው ዳር ፈገግታ አየሁ። "ወንበር አምጡልኝ" አሉ። "አቤት የተባለ ሹም ቆሞ አይሰማም።"

ወንበር መጣላቸውና ግቢው መካከል ተቀመጡ። ፀሐይም በዚያው ብቅ አለች።

"ጌታዬ" አለች እታለም፣ "ወንዶቹ ወደ ጎሬ ይሄዳሉ ተብሏል። እዚህ እህት ያላቸው ልጆች አሉ። አባትና እናት የሌለው ልጅ እህቱ እናቱ ናት። መንግሥት አብልቶናል፣ አልብሶናል፤ ዕድሜ ይስጥልን። ግን ስንነሣም ስንቀመጥም የጠየቀን የለም። በቅሎ እንኳ ስትሸጥ አፏ ተከፍቶ ይታያል፤ የእኛን አፍ የሚከፍት ጠፋ።"

ሾፌሩ ሳቁን መያዝ አቅቶት ወደ ጂፑ ጀርባ ዞረ። ሹሙ ግን አልሳቁም። ወደ ጋሼ ዞሩና "መልስ ይስጡ" አሏቸው፤ ልክ እንደ ችሎት።

ጋሼ ጃንጥላቸውን ተደግፈው ቆሙ። "ጌታዬ፣ የጎሬው ቤት ይሻላል። ወንዶቹ አድገዋል፤ የእጅ ሥራም እዚያ ይማራሉ። ያሰብኩት ለእነሱ ነው።"

"እሱን አልተጠራጠርኩም። ጠይቀዋቸዋል?"

"ልጆች ናቸው፣ ጌታዬ።"

"ይቺም ልጅ ናት" አሉ ሹሙ ወደ እታለም እያመለከቱ። "እህት ያላችሁ ወንዶች ከነእህቶቻችሁ ወደዚህ ውጡ።"

ወጣን። በመጀመሪያ የተጠየቀው መንትያ እህት ያለችው ልጅ ነው።

"መሄድ ትፈልጋለህ?" አሉት።

"አልፈልግም። እሷ ጨለማ ትፈራለች" አለ እህቱን እያሳየ።

"የሚፈራው እሱ ነው" አለች እህቱ።

"እንግዲያው ሁለታችሁም ትፈራላችሁ" አሉ ሹሙ። "ይቅር።"

ቀጥሎ ወንድሜ ነው። እጁን ጥብቅ አድርጌ ይዤዋለሁ። ሹሙ ሲጠይቁት አማርኛው ሁሉ ከአፉ ጠፋና እኔን ቀና ብሎ አየኝ። እሳቸው እዚያው አገር ያደጉ ሰው ስለነበሩ ጎንበስ ብለው በኦሮምኛ ጠየቁት። ወንድሜ ትንሽ አሰበና መልሶ እሳቸውን ጠየቃቸው።

"ጎሬ መኪናን ጂራ?" አላቸው። ጎሬ መኪና አለ ወይ ማለቱ ነው።

"ጂራ፤ ባይኤ ጂራ" አሉት ብዙ እንዳለ ሊነግሩት።

"እንግዲያው እሄዳለሁ" አለ ወንድሜ፣ አማርኛው ተመልሶለት።

እጁን ለቀቅሁት። ግቢው በሙሉ በሳቅ ሞላ፤ ሹሙም በመጨረሻ ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ። ጋሼ ሳይቀሩ ሳቁ። ያልሳቅነው እኔና ወንድሜ ብቻ ነበርን። እኔ ተናድጄ ነው፤ እሱ ደግሞ የሚያስቀው ነገር ስላልገባው ነው።

ሹሙ ፍርዳቸውን ተቀምጠው ሰጡ። ወንድም ወይም እህት ያለው ልጅ ሳይጠየቅ እንዳይነሣ፤ መቅረት የፈለገ እንዲቀር፣ ለቀሩትም ወንዶች ከአዳራሹ ጎን ያለችው ክፍል እንድትጠረግላቸው፤ የሄደውን ደግሞ እህቱ በየወሩ እንድታየው፣ መኪናውን እሳቸው እንደሚያዝዙ ተናገሩ። ከዚያ ተነሥተው እታለምን "የማን ልጅ ነሽ?" አሏት።

"የመንግሥት ልጅ ነኝ" አለች።

"መንግሥት ጥሩ ወልዷል" ብለው ጂፓቸው ላይ ወጡ።

ሁሉም እታለምን ከቦ ሲጨፍር እኔ ሶር ዳር ልብስ ማጠቢያችን ጋ ሄጄ ተቀመጥኩ። ወንድሜ ተከትሎኝ መጣና ራቅ ብሎ ቆመ።

"ተቆጣሽ?" አለኝ።

"መሄድ እንደምትፈልግ ለምን አልነገርከኝም?"

"አልጠየቅሽኝም" አለ።

እውነቱን ነው። ያን ቀን ምሳ ላይ ያፈጠጠብኝ በጭንቀት ሳይሆን በጉጉት ኖሯል። ከጎሬ ቡና የሚጭኑት መኪናዎች በደጃችን ሲያልፉ ሁልጊዜ አጥሩ ላይ ተንጠልጥሎ ያያቸው እንደነበረ ያኔ ትዝ አለኝ። ማታውን ለእታለም ነገርኳትና "ተሟግተሽ ወንድሜን ለምን ሰጠሻቸው?" ብዬ ወቀስኳት።

"እንዲናገር ነው እንጂ ያንቺን ቃል እንዲደግም አልተሟገትኩም" አለችኝ። ከዚያ ፀጉሬን ልትሠራኝ ጭኗ ላይ አስተኛችኝና የሹሙን አነጋገር እያስመሰለች አሳቀችኝ። ኩርፊያዬ እዚያው ጭኗ ላይ አለቀ።

በማግሥቱ ጋሼ እታለምን ቢሮአቸው አስጠሩ። ሁላችንም ትገረፋለች ብለን በመስኮቱ ሥር ተደብቀን አዳመጥን።

"ሌላ ጊዜ እንዲህ ያለ ነገር ሲኖርሽ አስቀድመሽ ለእኔ ንገሪኝ" አሏት።

"ነግሬዎት ነበር፣ ጋሼ።"

"ልክ ነሽ" አሉ ጋሼ። "ነግረሽኝ ነበር።"

ከዚያ በኋላ ጋሼ መጠየቅ ጀመሩ። መጀመሪያ ላይ አያምርባቸውም ነበር፤ እጃቸውን አጣምረው "ለመስቀል ልብሳችሁ ምን ዓይነት ቀለም ትፈልጋላችሁ?" ሲሉ ፈተና የሚሰጡ ይመስላሉ። ሴቶቹ ግማሻችን ቀይ፣ ግማሻችን ሰማያዊ ብለን አንድ ሳምንት ተጣላን። መጨረሻ ላይ ሁለቱም ዓይነት ጨርቅ ተገዛ። ማሳደጊያ ከገባሁ ወዲህ ካኪ ያልሆነ ልብስ ለመጀመሪያ ጊዜ የለበስኩት ያኔ ነው። ቀይ ነበር። እታለም ሰማያዊ ለብሳ የመስቀል ዕለት ከተማውን ሁሉ አዞረችን።

እታለም ኋላ ቡሬ ነጋዴ አግብታ፣ የከተማው ሰው ሙግት ሲኖርበት የሚሮጠው ወደ እሷ ደጅ ሆነ፤ ባሏ ሱቁን ትቶ የሷን ባለጉዳዮች ሲያስተናግድ ይውላል እየተባለ ይቀለድበት ነበር። ወንድሜም ጎሬ የመኪና ሥራ ተማረ፤ ሾፌር ሆኖ ከጅማ እስከ ጋምቤላ ያልረገጠው መንገድ የለም። እኔ አስተማሪ ሆኜ እዚያው መቱ ቀረሁ። የሦስታችንንም ኑሮ ያወቀ ሰው ተጎዳችሁ ሊለን አይችልም።

ወደ ጎሬ የሄድኩበትን የመጀመሪያውን ቀን ግን እስካሁን እንደ ትናንት አየዋለሁ። ሹሙ ቃላቸውን ጠብቀው የቡና ጭነት መኪና ላኩልን። ወንድሞቻቸው ጎሬ ያሉ ሴቶች ሁሉ ተሰለፍን። ጋሼም አብረውን መጡ። ጋቢናው ሞልቶ ስለነበረ እንደኛው ጆንያው ላይ ወጡና ጃንጥላቸውን ዘርግተው ተቀመጡ። መኪናው በዳገቱ ሲያቃስት እኛ ጮክ ብለን እንዘምራለን፤ የዛፉ ቅርንጫፍ ከላይ ውኃ ያራግፍብናል።

ጎሬ ስንደርስ ጉም ከተማዋን ውጧት ነበር። ከጉሙ ውስጥ ወንድሜ እየሮጠ ወጣ። ወፍሯል፤ ጫማም አለው። አቀፈኝና ወዲያው እጄን ይዞ እንደ ባለቤት ከተማውን ያሳየኝ ጀመር። ይኼ ጋራዡ ነው፣ ያ ቤተ ክርስቲያኑ ነው፣ እዚህ ጋ ትናንት አንድ መኪና ጭቃ ይዞት ነበር ይለኛል። አንድ እስላም ባለሱቅ ደጅ ስንደርስ "እህቴ ናት፣ ሀጂ" አላቸው። ሀጂም "ስለ አንቺ ሲያወራ ያየሁሽ ያህል ነው" ብለው ተምር በወረቀት ጠቅልለው ሰጡኝ። ደረጃው ላይ ተቀምጠን በላነው። ፍሬውን ማን አርቆ ይተፋል ብለን ተወዳደርን፤ አሸነፈኝ። ጆሮዬን ሳይዝ እንዴት እንቅልፍ እንደሚወስደው ጠየቅሁት።

"አጠገቤ የሚተኛው ልጅ ጆሮ ያንቺን ይመስላል" አለኝ።

ወደ ማታ ስንመለስ ልጆቹ እስከ ከተማው ዳር መኪናውን ተከትለው ሮጡ። ከኋላችን ሲጠፉ ማንም ማልቀስ የጀመረ የለም፣ ግን ሁላችንም ለማልቀስ ደርሰን ነበር። ይኼኔ ጋሼ ጃንጥላቸውን አጥፈው ጉሮሯቸውን ጠረጉና፣ ድሮ እረኛ ሳሉ ይዘፍኑት የነበረ የኦሮምኛ ዘፈን አነሡ። ኦሮምኛ መቻላቸውን እንኳ አናውቅም ነበር። ድምፃቸው አያምርም። እኛ ግን ጆንያውን እንደ ከበሮ እየመታን፣ እየተቀበልናቸው፣ ጭብጨባችንም ከዝናቡ ጋር እየተቀላቀለ መቱ ገባን።